ጋሼ ታደገ ዘጠኝ ጊዜ የሞቱበት ሥራ

ጆርጂያ ስቴት፣ አትላንታ አጠገብ ባለችው ስማይርና ውስጥ አንድ የጥርስ ክሊኒክ አለ፤ እኔ ፍሮንት ዴስኩ ላይ ነው የምሠራው። መሲ እባላለሁ። የክሊኒኩ ባለቤት ዶክተር ምህረት እዚሁ አትላንታ ተወልዳ ያደገች ልጅ ናት። አማርኛዋ ደህና ነው፤ ስትናደድ ግን ወደ እንግሊዝኛ ትሻገራለች። የዚህ ወሬ ባለቤት አባቷ ጋሼ ታደገ ናቸው። ወሬው ሐበሻ የሚበዛበት ክላርክስተን ድረስ ደርሶ ሁሉም የየራሱን እየጨመረበት ስለሆነ፣ በዓይኔ ያየሁትን በቅደም ተከተል ልንገራችሁ።

ጋሼ ታደገን ሰው የሚያውቃቸው እንዲህ ነው። ስልሳ ሰባት ዓመታቸው ነው፤ ኤርፖርት ሻትል ሲነዱ ኖረው አምና ጡረታ ወጡ፤ እሁድ እሁድ ቸርች በር ላይ ቆመው ሰው ያስተናግዳሉ፤ ብዙ አያወሩም። በወጣትነታቸው ራሺያ ተምረዋል ይባላል። ምን ተማሩ ሲባሉ «ትራክተር» ይላሉ። በቃ። ከትራክተር በኋላ ደግሞ ማን ምን ይጠይቃል?

ጥቅምት ውስጥ አንድ ማክሰኞ ጠዋት፣ የምህረትን መኪና ዘይት ሊያስቀይሩላት ክሊኒክ መጡ። ቁልፉን ሊጠይቋት የሕክምና ክፍሉን በር ገርበብ አድርገው አንገታቸውን አስገቡ። ወንበሩ ላይ የነበሩት ራይሳ የሚባሉ፣ ከኦዴሳ የመጡ የስልሳ አምስት ዓመት ሴት ናቸው። ማደንዘዣ ተወግተው የታችኛው ከንፈራቸው ወደ አንድ ወገን ተንጠልጥሏል። ጋሼ ታደገን ሲያዩ ዓይናቸው ፈጠጠ። ከወንበሩ ቀና ብለው፣ ጣታቸውን ቀስረው ጮኹ።

«ሃኒ! ሃኒ!»

ምህረት እጇ ላይ ያለውን ጣለች። «ወይኔ፣ የማደንዘዣው ሪአክሽን ነው! መሲ፣ ኦክስጅን አምጪ!»

ኦክስጅኑን ይዤ ስመጣ የጋሼ ታደገ ፊት አመድ መስሏል። ቁልፉንም ሳይጠይቁ ዞረው ወደ መውጫው ገሰገሱ። ራይሳ ደረታቸው ላይ የተንጠለጠለውን የወረቀት ፎጣ እያውለበለቡ ተከተሏቸው። ምህረት ራይሳን ተከተለች፤ እኔ ኦክስጅኔን ተሸክሜ ምህረትን። ደግነቱ መጠበቂያው ክፍል ውስጥ ተራ የሚጠብቅ ሰው አልነበረም።

ራይሳ በሩ ላይ ደረሱባቸውና እጅጌያቸውን ጨምድደው በሩሲያኛ አንድ ነገር ጠየቋቸው። ጋሼ ታደገ ራሳቸውን ነቀነቁ፤ ቀጥለው እጃቸውን እያወራጩ ረጅም ነገር ተናገሩ። በኋላ ሲተረጎምልኝ «እመቤቴ፣ ተሳስተዋል፤ እኔ አይደለሁም፤ በሕይወቴ ፊልም ሠርቼ አላውቅም» ማለታቸው ነበር። ችግሩ፣ ይህን ሁሉ የካዱት ጥርት ባለ ሩሲያኛ፣ ያውም ከደረት በሚወጣ የመድረክ ድምፅ ነው። እኔ ስምንት ዓመት ሳውቃቸው ያንን ድምፅ ሰምቼው አላውቅም። ምህረትም በሠላሳ ሦስት ዓመቷ አልሰማችውም።

ራይሳ ስልካቸውን አውጥተው ዩቲዩብ ከፈቱና ለምህረት አቀበሏት። በጥቁርና ነጭ የተነሳ የድሮ ፊልም ነው። ዝናብ ይዘንባል። አፍሮ ያበጠረ፣ ባለ መስመር የመርከበኛ ካናቴራ የለበሰ ወጣት ወደብ ላይ ከምሰሶ ጋር ታስሯል። አፍንጫው የምህረት አፍንጫ ነው።

«ሃኒ አይደለም» አሉ ራይሳ፣ የደነዘዘ ከንፈራቸውን በሁለት ጣት ይዘው በተሰባበረ እንግሊዝኛ። «ጆ-ኒ! ጆኒ ከወደቡ!»

ምህረት ስልኩን አየች፤ አባቷን አየች፤ እንደገና ስልኩን አየች።

«ዳዲ» አለች። «ቁጭ በል።»

ጋሼ ታደገ ከመቀመጣቸው በፊት፣ «መሲዬ፣ እባክሽ መጋረጃውን ዝጊልኝ» አሉኝ። ዘጋሁት። «በሩንም።» እሱንም ቆለፍኩት። ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ ከእኛ ይልቅ ግድግዳውን እየፈሩ መናገር ጀመሩ።

«በሰባ አንድ ዓመተ ምሕረት ትራክተር ልማር ነው የሄድኩት። እሱ ውሸት አይደለም፤ አንድ ዓመት ተኩል ተምሬያለሁ። አንድ ቀን ኦዴሳ ውስጥ ትራም ስጠብቅ ኮፍያ ያደረገ ሰው መጣና ፊቴን ከግራም ከቀኝም አየው። “ዋና ትችላለህ?” አለኝ። “አልችልም” አልኩት። “በጣም ጥሩ፤ ስትሰምጥ እውነት ይመስላል” አለኝ። ለካ የፊልም ዳይሬክተር ነው። አሜሪካዊ ጥቁር የሚሆን ሰው ይፈልጉ ነበር። ያኔ ኦዴሳ ላይ አሜሪካዊ ከየት ይመጣል? እኔ ሆንኩላቸው። በአሥራ አንድ ፊልም አሜሪካዊ ሆኜ ሠርቻለሁ። በዘጠኙ ሞቻለሁ።»

«ዘጠኝ ጊዜ?» አልኩ፣ ሳላስበው።

«ሦስቴ በጥይት፣ ሁለቴ በውሃ፣ አንዴ ከባቡር ተወርውሬ፣ አንዴ የማዕድን ጉድጓድ ተደርምሶብኝ፣ ሁለቴ በሳንባ በሽታ። ሁልጊዜ ጥፋቱ የካፒታሊስቱ ነው።»

«በሁለቱስ ለምን አልሞቱም?»

«በአንዱ ሊገድለኝ የነበረው ተዋናይ ታመመ። በሌላው እኔ ነኝ የታመምኩት።»

ምህረት ሳቋ ሊያመልጣት ሲል ከንፈሯን ነከሰች። ተቆጥታለች፤ መሳቅ አልፈለገችም። ጋሼ ታደገ ግን አንዴ ከተከፈቱ በኋላ አልቆሙም። ትያትር ቤትም ቀጥሯቸው ነበር፤ ለስድስት ዓመት። አሽከር ሆኑ፣ መርከበኛ ሆኑ፣ ጭስ ማውጫ ጠራጊ ሆኑ። ትርፍ ጊዜያቸውን መጋረጃ ጀርባ ቆመው ስለሚያሳልፉ የሁሉንም ሰው ቃል በልባቸው ያዙት። አንድ የጥር ቀን፣ በሠርግ ኮሜዲ ላይ ሙሽራውን የሚጫወተው መሪ ተዋናይ በበረዶ መንገድ ተዘግቶበት ቀረ። አዳራሹ ሞልቷል። አዘጋጁ በጭንቀት ፀጉሩን ሲነጭ፣ ጋሼ ታደገ «እኔ አውቀዋለሁ» አሉ። የዩክሬን ገበሬ ሙሽራ! ጥልፍ ሸሚዙ አጥሯቸው ክርናቸው ላይ ቀረ።

«ስወጣ አዳራሹ ጸጥ አለ» አሉ። «ሰዉ መሳቅም መቆጣትም አልቻለም። የሙሽራይቱ አባት ሆኖ የሚጫወተው ሽማግሌ ግን መቼም የማልረሳው ሰው ነው፤ ከላይ እስከ ታች አየኝና፣ ከጽሑፉ ውጭ፣ “ሙሽራው ከፀሐይ ይሁን ከእሳት አላውቅም፤ ለማንኛውም ልጄ ቅዝቃዜ አትወድም” አለ። አዳራሹ ፈነዳ! ከዚያ በኋላ ምን እንደተናገርኩ አላስታውስም። መጋረጃው አሥራ ሰባት ጊዜ ተከፍቶ ተዘጋ።»

ራይሳ አማርኛው ባይገባቸውም ዓይናቸው ከጋሼ ታደገ ፊት አልተነቀለም።

«ታዲያ ለምን?» አለች ምህረት። «ዋይ ዲድንት ዩ ቴል ሚ?»

ጋሼ ታደገ የተዘጋውን መጋረጃ አንዴ አዩት። «ልጄ፣ አሥራ አንድ ፊልም አሜሪካን የሚሳደብ ሠርቼ አሜሪካ መጣሁ። ኢንተርቪው ላይ ሰውየው “ራሺያ ምን ስትሠራ ነበር?” ሲለኝ ምን ልበል? ትራክተር አልኩ። ግሪን ካርድ ሲመጣ ትራክተር። ሲቲዝን ስሆንም ትራክተር። ከዚያ በኋላ እንዴት ይስተካከላል?»

«ዳዲ፣ ሲቲዝን ከሆንክ እኮ ሃያ ስድስት ዓመት ሆነህ!»

«ፋይል አይጠፋም» አሉ፣ በጣም ኮስተር ብለው።

አሁን ምህረት አልቻለችም። ተንበርክካ፣ ጓንቷን እንዳደረገች፣ እንባዋ እስኪወርድ ሳቀች። ሠላሳ አራት ዓመት ሙሉ አንድ የኢሚግሬሽን ሰው ከኦዴሳ የመጣ የድሮ ፊልም ሲያይ፣ «ያዙት!» ብሎ ሲነሳ እያሰቡ የኖሩት እኚህ ሰው ናቸው። ድንገት ግን ሳቋን አቆመች። «ማሚስ ታውቃለች?»

ጋሼ ታደገ ጣራውን አዩ።

እናቷ እትዬ ዘነበወርቅ ሥራ ላይ ነበሩ፤ በስፒከር ደወለችላቸው። «አባዬ ፊልም ይሠራ እንደነበር ታውቂያለሽ?» ስትላቸው፣ «ማን ነገረሽ?» አሉ። ለካ የተዋወቁትም በፊልሙ ነው። አዲስ አበባ ሲኒማ ገብተው ለጆኒ አልቅሰውለታል። ከጥቂት ዓመታት በኋላ አውቶቡስ ውስጥ ከጎናቸው ተቀምጦ ሲያዩት ጮኸው፣ «አንተ ሞተህ አልነበር እንዴ?» አሉት። በሦስት ወሩ ተጋቡ።

ራይሳ ጥርሳቸው ተሠርቶ ሲያበቃ በስማይርና አካባቢ ያሉ ሩሲያኛ ተናጋሪዎች ክበብ እንዳላቸው ነገሩን፤ ከዩክሬኑም ከአርመኑም ከኡዝቤኩም የመጣ አለበት። ቅዳሜ ከሰዓት ፊልሙን እናሳያለን፤ ጆኒ መገኘት አለበት አሉ። ጋሼ ታደገ እምቢ አሉ። «ፎቶ ያነሱኛል፤ ፌስቡክ ላይ ይወጣል» አሉ። እትዬ ዘነበወርቅ ግን ማታውኑ የባላቸውን ሱፍ ለላውንደሪ ሰጡት፤ ነገሩ በዚያ ተወሰነ።

ቅዳሜ ዘጠኝ ሰዓት ላይ አራታችን ደረስን። አዳራሹ ውስጥ መቶ ሃያ ያህል ሰው አለ፤ አብዛኛው ሽማግሌ። ጋሼ ታደገ ከመውጫው አጠገብ ሊቀመጡ ሲሉ አንዱ አያቸውና ተነሳ። ቀጥሎ ሁሉም ተነሳ። የጭብጨባው ድምፅ ጆሮ ያደነቁራል። ሴቶቹ ተሰልፈው ሳሟቸው፤ አንዷ ጉንጫቸውን ቆንጥጣ «ሕያው ነው!» ብላ ለቀሪዎቹ አረጋገጠች። የክበቡ መሪ ግሪሻ የሚባል ከትብሊሲ የመጣ ጡረተኛ መካኒክ ነው። እኔን ጨበጠኝና፣ «እኔ ከጆርጂያ ወደ ጆርጂያ ነው የመጣሁት፤ የጫማ ሶል ብቻ ነው የቀየርኩት» አለኝ።

ፊልሙ ተጀመረ። ጆኒ አሜሪካዊ መርከበኛ ነው፤ ወደብ ላይ አድማ ያነሳሳል፤ ክፉው ካፒቴን ይይዘዋል፤ አንዲት ሩሲያዊት ልጅ ትወደዋለች። ሞቱ ሲቃረብ አዳራሹ መሐረብ ማውጣት ጀመረ። ልክ እዚያ ጋ ድምፁ ጠፋ። ግሪሻ ሽቦ ነቀለ፣ ሽቦ ሰካ፣ ላፕቶፑን ጥፊ አቀመሰው። አልሆነም። ምስሉ ግን ቀጠለ፤ የጆኒ ፊት ስክሪኑን ሞልቶታል፤ ዝናቡ ከቅንድቡ ይንጠባጠባል፤ ከንፈሩ ይንቀጠቀጣል። ድምፅ ባይኖርም ሰዉ ማልቀሱን አላቆመም።

እትዬ ዘነበወርቅ የሚሠሩት አረጋውያንን በየቤታቸው በመንከባከብ ነው። በስትሮክ ድምፃቸው የጠፋ አንዲት ሐበሻ እናትን ዘጠኝ ዓመት ስላስታመሙ ከንፈር ያነባሉ። ስክሪኑን አተኩረው ሲያዩ ቆዩና ወደ ፊት ተንጠራሩ።

«ይሄማ አማርኛ ነው» አሉ።

«ዝም በይ» አሉ ጋሼ ታደገ።

«“ብርዱ… ብርዱ ገደለኝ…”» እያሉ እትዬ ዘነበወርቅ ከስክሪኑ ላይ ያነቡ ጀመር። «“እግሬን አልሰማውም… ይሄ ሰውዬ ዛሬም አይለቀንም…” ቆይ፣ ቆይ። “ርቦኛል” ነው የሚለው! “አሁን ቀይ ወጥ…” ታደገ! ልጅቷ እላይህ ላይ እያለቀሰች አንተ ቀይ ወጥ ትላለህ?»

ጋሼ ታደገ ፊታቸውን በሁለት እጃቸው ሸፈኑ። ምህረት መጀመሪያ ትንፋሽ አጠራት፤ ከዚያ እኔና እሷ ተያይዘን ሳቅን። ላቆም ብል ጎኔን ወጋኝ። በአንድ ጊዜ መቶ ሃያ ሰው፣ እንባው ጉንጩ ላይ እንዳለ፣ ዞሮ አየን። ራይሳ ከፊት ረድፍ ተነስተው በቁጣ አንድ ነገር ተናገሩ። ግሪሻ ፊልሙን አቆመው፤ የጆኒ ፊት አፉን እንደከፈተ ቀረ።

ጋሼ ታደገ ተነሱ። በሩ ሦስት እርምጃ ነው፤ ይወጣሉ ብዬ ነበር። እሳቸው ግን ኮታቸውን ቆልፈው ወደ ፊት ሄዱና በሩሲያኛ ተናገሩ። ጎኔ ያለችው የአርመን ሴት በእንግሊዝኛ በጆሮዬ ተረጎመችልኝ።

«ያኔ እንግሊዝኛ አልችልም ነበር። ዳይሬክተሩ “በራስህ ቋንቋ ያሻህን ተናገር፣ ከንፈርህ ይንቀሳቀስ እንጂ ድምፁን ሌላ ተዋናይ በሩሲያኛ ይሞላዋል” አለኝ። በአሥራ አንዱም ፊልም የሰማችሁት ድምፅ የእኔ አይደለም። እዚህ ቦታ ላይ ከስድስት ሰዓት በላይ ውሃ ሲረጩብኝ ነበር፤ ምሳም አልበላሁም። አርባ ሦስት ዓመት ያለቀሳችሁለት ሰው ስለ ምግብ ነበር የሚያወራው። ይቅርታ አድርጉልኝ።»

ሁሉም ራይሳን ያያሉ። ራይሳ ስክሪኑ ላይ ያለውን ወጣት አዩት፤ ፊታቸው የቆመውን ሽማግሌ አዩት።

«እኔም እኮ ርቦኝ ነበር» አሉ በመጨረሻ። «ሱቅ ውስጥ ቋሊማ ከጠፋ አራተኛ ወሩ ነበር። ፊልሙን ሳይ ይሄ ልጅ የልቤን ነው የሚናገረው ብዬ ነው ያለቀስኩት!»

አዳራሹ በሳቅ ተናወጠ። ወንበር ላይ የሚንፈራፈር አለ፤ ዱላውን መሬት ላይ የሚደበድብ አለ። ግሪሻ ፊልሙን ትንሽ ወደ ኋላ መለሰና፣ «ጆኒ፣ ድምፅ የለንም። ራስህ ሙላው!» አለ።

ጋሼ ታደገ ከስክሪኑ ጎን ቆሙ። ቃሉን ሁሉ ያስታውሱታል። የመጀመሪያውን ዓረፍተ ነገር ሲያወጡ ድምፃቸው ትንሽ ሻከር አለ፤ ሁለተኛው ላይ ተከፈተ፤ ሦስተኛው ላይ የኋላው ረድፍ መስኮት የሚነዝር መሰለኝ። ራይሳ ሮጠው ወጡና የልጅቷን ቃል ያዙ። ግሪሻ ካፒቴኑን ሆነ። ሰዉ ሲጮህበት እልህ ያዘውና ካፒቴኑን ከፊልሙ በላይ ክፉ አደረገው። ምህረት ስልኳን ይዛ ልትቀርጽ ነበር፤ መቅረጹን ትታ አባቷን ብቻ ታያለች። «መሲ፣ ዚስ ኢዝ ማይ ዳድ» ትለኛለች፣ እንደማላውቃቸው። «መሲ፣ ድምፁን ሰማሽው?» ጆኒ ሲሞት ሰዉ «ድገመው!» አለ። በዚያ ከሰዓት ብቻ ሦስት ጊዜ ሞቱ፤ በሦስተኛው የሞቱት በአማርኛ ነው፤ ቀይ ወጡም ሳይቀር ቃል በቃል። ከሁሉ የበለጠ የተጨበጨበለት እሱ ነው።

በሳምንቱ ራይሳ ክሊኒክ መጡ፤ ለጥርስ አይደለም። ራሳቸው የጻፉትን ኮሜዲ ይዘው ነው የመጡት። ታሪኩ ሦስት እጮኛ ስላለው የባቡር ጣቢያ ኃላፊ ነው፤ ኃላፊው ደግሞ ጋሼ ታደገ መሆን አለባቸው። ምህረት አባቷን ሳትጠይቅ እሺ አለች። ልምምዱ ሐሙስ ሐሙስ ስለሆነ የሐሙስ ከሰዓት ቀጠሮዎችን በሙሉ ወደ ዓርብ አዛወርኩ። ምህረት፣ ራይሳ ሲያነቡላት ሩሲያኛውን በአማርኛ ፊደል ጽፋ ቃል ታስጠናቸው ነበር፤ አንዷንም ቃል ሳታውቅ «ዳዲ፣ ኖ፤ እዚህ ጋ “ልዩቢማያ” ነው የሚለው» እያለች ታርማቸዋለች፤ «ውዴ» ማለት ነው አሉ። እትዬ ዘነበወርቅ ለሦስቱ እጮኞች ቀሚስ ሰፉ፤ በዚያው ሦስቱንም ሲገመግሙ ከረሙ።

መጋቢት ላይ ኮሜዲው ሲታይ ከክላርክስተን ቸርች ብቻ አርባ ሰው መጣ። ቋንቋውን ስለማያውቁት ሩሲያኖቹ ሲስቁ ይጠብቁና ተከትለው ይስቃሉ፤ ሩሲያኖቹ ደግሞ በእነሱ ሳቅ እንደገና ይስቃሉ፤ ጨዋታው በዚህ የተነሳ ሃያ ደቂቃ ዘገየ። እኔ መጋረጃ ሳቢ ነበርኩ። ከመውጣታቸው በፊት ጋሼ ታደገ አጠገቤ ቆመው ኮፍያቸውን አሥር ጊዜ አስተካከሉ፤ ፊታቸው ግን የሃያ ዓመት ልጅ ፊት ነው።

«ፈሩ እንዴ?» አልኳቸው።

«በጣም» አሉኝ፣ ጥርሳቸው ሁሉ እየታየ። «ሳቢው፣ መሲዬ፣ ሳቢው!»

ሚያዝያ ላይ ቻርሎት ከተማ ያሉት ሩሲያኛ ተናጋሪዎች ሰምተው ጠሩን። አሥራ አራት ሆነን በአንድ ቫን ሄድን፤ ቀሚሶቹ ጣራው ላይ ተንጠልጥለዋል፣ ግሪሻ ይነዳል። ጋሼ ታደገ ወደ ኋላ ዞረው ከሦስቱ እጮኞች ጋር የመጨረሻውን ጠብ ይለማመዳሉ፤ ግሪሻም በመስታወት ያያቸዋል፤ ስለዚህ የሀይዌይ መውጫችንን ሁለት ጊዜ አለፍነው። በሦስተኛው ምህረት «ራይት! ራይት!» ብላ ስትጮህ ሁሉም በየቋንቋው አብሯት ጮኸ፤ ቫኑም ታጠፈ።